የቆርቆሮ ጣሪያዬ ዋጋ

ሰው ቤቱን አስይዞ ሲበደር ስንት ብር እንደተቀበለ ያውቃል፤ ስንት እንደሚከፍል ግን አያውቅም። እኔ ሰባት ዓመት ሙሉ አላወቅሁም። ያሳወቀኝም የገዛ አበ ልጄ፣ የመጀመሪያ ልጄን ክርስትና ያነሣው ሰው ነው። ሊያስተምረኝ ብሎ ግን አይደለም።

ነገሌ ቦረና የገባሁት ጠላት ከወጣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ነው። አናጢ ነኝ። ትምህርት ቤት የሚባል ደጅ አልረገጥሁም። ፊደል ያስቆጠረኝ ከጦሩ ጋር ወደ ደቡብ የወረደ አንድ ደብተራ ነው፤ ቀሪውን የተማርኩት ከግድግዳ ላይ ነው። ያን ጊዜ ሰው ግድግዳውን በአሮጌ ጋዜጣ ይለጥፍ ነበርና፣ መስኮት ልሠራ በገባሁበት ቤት ሁሉ ሥራዬን ስጨርስ ቆሜ ግድግዳውን አነባለሁ። ብዙ ቃል አወቅሁ። ብዙ ቃል ማወቅ ብዙ ነገር ማወቅ ይመስለኝ ነበር።

ቤቴን የሠራሁት በራሴ እጅ ነው። እንጨቱ ከቦሬ በኩል በመኪና የወረደ ጥድ፣ ግድግዳው ጭቃ፣ ጣሪያው ሣር ነበር። በጓሮ በኩል ሁለት ክፍል አለው፤ እኛ የምንኖርበት። በመንገዱ በኩል ደግሞ ሁለት ክፍል፤ አንዱ መሥሪያዬ፣ ሌላው የሚስቴ ሻይ ቤት። ወደ ጠረፍ ከተማዋ ዶሎ የሚወርዱ ሾፌሮችና ከጦር ሰፈሩ የሚወጡ ወታደሮች እዚያ ሻይ ይጠጣሉ፣ ቦንቦሊኖ ይበላሉ። አግዳሚዎቹን እኔ ነኝ የሠራኋቸው፤ ስድስት ነበሩ።

በዋናው መንገድ ያሉት ቤቶች አንድ በአንድ ቆርቆሮ ለበሱ። ያለበስኳቸው እኔ ነኝ። ቀኑን የሰው ጣሪያ ላይ ውዬ ማታ ሣር ሥር እገባለሁ። ሾፌሮቹ ይህን አይተው «አናጢው የሰውን ራስ እየሸፈነ የራሱን ለዝናብ ሰጠ» እያሉ በሚስቴ ሻይ ቤት ይሣሣቁ ነበር። ቀልድ ነው። እኔ ግን ቀልድ አልችልም። እልህ ያዘኝ። ጣሪያው አፍስሶ አልነበረም፤ ሣሩም ገና ሦስት ዓመት ይቆይ ነበር። ይህን ዛሬ ነው የማምነው።

አበ ልጄ የቆዳና የጨው ነጋዴ ነበር። ከእኔ ጥቂት ዓመት ይበልጣል፤ እንደ ወጉ እርስ በርሳችን አንቱ እንባባላለን። ለቆርቆሮ፣ ለምስማርና ለማገር አራት መቶ ብር ያስፈልገኛል ብዬ ሄድሁ። ወለዱን በስንት ያደርጉልኛል ብዬ ብጠይቀው ተቆጣ።

«አበ ልጅ፣ ወለድ ከእርስዎ ልቀበል? ክርስትና ያነሣሁት ልጅ ሲያድግ ምን ይለኛል?» አለኝ። «ያንን የፊቱን ሁለት ክፍል እኔ ለጊዜው ላከራየው። ሲሞላልዎት አራት መቶዬን ይመልሱልኛል፣ ቤትዎን ይረከባሉ። በእኛ መካከል ወለድ የሚባል ነገር አይነሣ።»

ነገሩ አዲስ አልሆነብኝም። በአባቴ አገር ወለድ አገድ ይባላል። መሬት ያለው ገንዘብ ሲያጣ መሬቱን ለገንዘብ ሰጪው ይለቃል፤ ያ ሰው በወለዱ ፈንታ ያርሳል፣ ምርቱን ይበላል፤ ዋናው ገንዘብ ሲመለስለት መሬቱን ይለቃል። አባቴ ሁለት ጊዜ አስይዞ ሁለት ጊዜ አስለቅቋል። እኔም ወጉን አውቃለሁ ብዬ ደረቴን ነፋሁ።

ውሉ ሲጻፍ ሦስት ሽማግሌዎች ተቀመጡ። አንደኛው በጡረታ ከጦሩ የወጡ፣ ምላሳቸው የማያርፍ ባሻ ናቸው። እኔ በዚያ ጉባኤ ላይ እውቀቴን ላሳይ ፈለግሁ። በአባቴ አገር የተያዘ መሬት በማንኛውም ቀን አይለቀቅም፤ የዘራው ሰው እንዳይጎዳ ምርቱ ገብቶ አውድማው ባዶ ሲሆን፣ በጥር ወር ነው የሚለቀቀው። እኔም ይህንኑ አስጻፍሁ፦ ገንዘቡ ከቃና ዘገሊላ ማግስት ጀምሮ በስምንት ቀን ውስጥ፣ ከሽማግሌዎቹ አንዱ ባለበት፣ ከእጅ ወደ እጅ ይሰጥ፤ ቀኑ ካለፈ ግን ውሉ ለአንድ ዓመት ይታደስ።

«ይህስ አናጢ አይደለም፣ ነገረ ፈጅ ነው!» አሉ ባሻ።

አበ ልጄ ፈገግ ብሎ ዝም አለ። ቤት እንደማይዘራ፣ እንደማይታጨድ፣ አውድማ እንደሌለው ከመካከላችን ያሰበው እርሱ ብቻ ነበር። ውሉን ድምፄን ከፍ አድርጌ ራሴ አነበብሁት፤ አንድ ቃል ሳልሳሳት።

ለሚስቴ የነገርኳት ከዚያ በኋላ ነው።

«ሻይ ቤቴን?» አለች።

«ለጊዜው ነው።»

«ስንት ጊዜ ነው?»

«አንድ ዓመት፤ ቢበዛ ሁለት።»

«ሳትፈርም ለምን አልነገርከኝም?»

«ይኸው እየነገርኩሽ አይደለም?»

አግዳሚዎቹን እየጎተተች ወደ ጓሮ ወሰደች። ልርዳሽ ብላት «ተወው፣ አንተ ጣሪያህን ሥራ» አለችኝ። ከዚያ ሳምንት ጀምሮ ከጦር ሰፈሩ የወታደር ልብስ እያመጣች ማጠብ ጀመረች። እኔም መሥሪያዬን አጥቼ ከጓሮው ግራር ሥር ጠረጴዛዬን ተከልሁ። ሆኖም ጣሪያው ያበራ ነበር። ፀሐይ ሲመታው ከሩቅ ይታያል። ወደ ሥራ ስሄድ ዞሬ ዞሬ አየው ነበር።

በመጀመሪያውና በሁለተኛው ጥር ገንዘቡ አልነበረኝም፤ በዚህ ማንንም አልከስም። በሦስተኛው ጥር አራት መቶውን ይዤ በጥምቀት ቀን ከአበ ልጄ ጋር ታቦቱን ሸኘን። ነጭ ለብሶ፣ በወጣቶቹ መካከል እያጨበጨበ ይዘፍን ነበር። ከበዓሉ በኋላ ባሻን ይዤ ቤቱ ስሄድ ሚስቱ ብቻዋን ናት።

«ዶሎ ወርደዋል፤ ለጨው። ነገ ወይ ከነገ ወዲያ ይመጣሉ» አለችን።

የመጣው በአሥረኛው ቀን ነው። ደግሞ እርሱ ነው ያዘነው!

«ወይኔ አበ ልጅ! ምነው አንድ ቀን ቀደም ብለው ቢነግሩኝ! አሁንማ ውል ነው፤ ያስጻፉትም እርስዎ ራስዎ ነዎት። ሽማግሌ ፊት የተነበበ ነገር አፍርሰን እግዚአብሔርን አናሳዝን። ለከርሞ ያድርሰን።»

አመንሁት። ነጋዴ ነው፣ መንገድ ይወጣል ብዬ። በአራተኛው ዓመት ዝናብ ጠፍቶ ከብት አለቀ፤ ከብት ሲያልቅ ገንዘብ ይጠፋል፤ ገንዘብ ሲጠፋ በርና መስኮት የሚያሠራ የለም። ያስቀመጥሁትን በላነው። በአምስተኛው ዓመት ገንዘቡ ሞላ፤ ሰውየው ዶሎ። በስድስተኛውም ገንዘቡ ሞላ፤ ሰውየው ዶሎ። ለሽማግሌዎቹ አስረክቤ ልገላገል ብል «ከእጅ ወደ እጅ ይላል፤ ባለገንዘቡ በሌለበት አንቀበልም» አሉኝ። ሚስቴ ይህን ስትሰማ አንድ ነገር ብቻ ተናገረች፦ «እኚህ ሰውዬ የሚሸሹት ከገንዘብ ነው እንዴ?»

ተቆጣኋት። ልጃችንን ክርስትና ያነሣ ሰው እንዴት ይጠረጠራል ብዬ። በሰው ላይ እምነት ማጣት ኃጢአት መሆኑን ረዥም ስብከት ሰበክሁላት። እጇን በውሃ ነክራ እያጠበች ሰማችኝ።

ዓይኔን የገለጡልኝ አንድ የቦረና ሽማግሌ ናቸው። ልጃቸው ከተማ ሱቅ ሊከፍት ነበርና በር ሊያሠሩ ይመላለሱ ነበር።

«አካም ጅርታ፣ አናጢ?»

«ናጋ፣ አባቴ። ይቀመጡ።»

«ምነው ዛፍ ሥር ትሠራለህ? ያ ሁሉ ቤት ያንተ አይደለም?»

ነገሩን ከመጀመሪያው ነገርኳቸው። በትራቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋድመው ሰሙኝና «ደበሬ ታውቃለህ?» አሉኝ።

«ሰምቼአለሁ።»

«ላም ላጣ ሰው ላም እንሰጣለን። ወተቱን ይጠጣል፣ ልጆቹን ያሳድጋል። ላሟ የባለቤቷ ናት፤ ጥጃዋም የባለቤቷ። ስትወልድ ያዡ ሮጦ መጥቶ ይነግራል፤ ካልነገረ ሌባ ነው። ያንተ ቤት ስንት ወለደ?»

«ቤት ይወልዳል እንዴ፣ አባቴ?»

«ታዲያ ያ ሰው ሰባት ዓመት የሚጠጣው ምንድን ነው?»

ሳቅሁ፤ ኋላ ግን አሰብሁት። እውነት ነው፤ የፊቱ ክፍሎች በስንት እንደሚከራዩ አንድ ቀን ጠይቄ አላውቅም። መጠየቅ ነውር ይመስለኝ ነበር። መጀመሪያ በወር አሥራ ሁለት ብር እንደተከራዩ ሰምቻለሁ፤ እዚያው ላይ ቆሞ የቀረ መስሎኝ።

በዚያው ሰሞን ተከራይዋ፣ የአንድ አሥር አለቃ ሚስት፣ ጣሪያው አፈሰሰ ብላ ጠራችኝ። ሁልጊዜ የምትጠራው እኔን ነው። ግድግዳውን በየዓመቱ ኖራ የምቀባው፣ የተነቀለውን ምስማር የምመታው፣ ዝገት የበላውን ሁለት ቆርቆሮ የለወጥሁት እኔ ነኝ። ቤቴ ነዋ! ሰው የራሱን ቤት ሲፈርስ ያያል? መሰላል ላይ እንዳለሁ ቁልቁል ጠየቅኋት።

«እቴ፣ በወር ስንት ትከፍያለሽ?»

«ሠላሳ ነዋ። ምነው፣ ደግሞ ሊጨምሩ ነው?»

«ሠላሳ ከመቼ ጀምሮ?»

«ጦሩ ከበዛ ወዲህ፤ ሁለት ዓመት ይሆናል። ከእኔ በፊት የነበሩት ሃያ ይከፍሉ ነበር አሉ። ባለቤቱ ሆነው ሳለ አያውቁም? ወይ ጉድ! እኔ እኮ ተካፍላችሁ የምትበሉ መስሎኝ!»

መዶሻውን ይዤ ወረድሁ። የቀረውን ምስማር አልመታሁትም።

ከግራሩ ሥር በላግሁት ሳንቃ ላይ በእርሳስ ጻፍሁ። ሁለት ዓመት በአሥራ ሁለት፣ ሁለት መቶ ሰማንያ ስምንት። ሦስት ዓመት በሃያ፣ ሰባት መቶ ሃያ። ሁለት ዓመት በሠላሳ፣ ሰባት መቶ ሃያ። አንድ ሺህ ሰባት መቶ ሃያ ስምንት ብር። አራት መቶውም ገና እንዳለ ነው፤ አንድ ሳንቲም አልተነካም። ወለድ የሚባል ነገር አይነሣ ያለኝ ሰው፣ ከተማው ሁሉ የሚረግመው አራጣ አበዳሪ ከሚወስደው አብልጦ ወስዷል። አባቴ መሬቱን ሲያሲዝ ድርቅ ሲመጣ ገንዘብ ሰጪውም አብሮት ይራብ ነበር፤ አንበጣ ሲመጣ የሁለቱም እህል ይበላል። ቤት ግን ድርቅ የለበትም። ከብት ባለቀበት በዚያ ዓመት፣ እኛ የምንበላው ስናጣ፣ ሃያ ብሩ በየወሩ ለእርሱ ይገባ ነበር። ይህንን ሳላስብ ነው የመሬትን ሕግ ለቤት ያስጻፍሁት።

ጽፌ ስጨርስ መላጊያዬን አንሥቼ ሳንቃውን ላግሁት። ሚስቴ ማንበብ አትችልም፤ ቢሆንም እንዳታየው ላግሁት።

በሰባተኛው ጥር አራት መቶውን በወገቤ ታጥቄ የቃና ዘገሊላን ማግስት ጠበቅሁ። እንደተለመደው አበ ልጄ ሌሊቱን ተነሥቶ ዶሎ ወርዷል። ባሻን ሄጄ ለመንኋቸው።

«በእኔ ዕድሜ በጭነት መኪና ዶሎ? አጥንቴን በከረጢት ልትመልሰው ነው?» አሉ።

«ውሉ ገንዘቡ ዶሎ ላይ አይሰጥም አይልም፣ ባሻ። ከእጅ ወደ እጅ ብቻ ነው የሚለው።»

ትንሽ አሰቡና ሳቁ። «ነገረ ፈጅ ነው ብዬህ የለ! ተነሥ እንሂድ፤ ይህንንማ ሳላይ አልሞትም።»

እህል በጫነ መኪና ላይ፣ ከጆንያ በላይ ተቀምጠን ሁለት ቀን ወረድን። አቧራው ቀይ ነው፤ ወደ ታች በወረድን ቁጥር ሙቀቱ ይጨምራል። በመንገዱ ሁሉ ባሻ ያወራሉ፤ እኔ በልቤ ለአበ ልጄ ምክንያት እፈልግለታለሁ። ምናልባት ጨው በጥር ይረክስ ይሆናል፤ ምናልባት ደንበኞቹ በጥር ብቻ ይመጡ ይሆናል እላለሁ። ያን ያህል እንዲከዳኝ አልፈልግም ነበር። ጆንያው ላይ ሆኜ የለመንሁት ገንዘቤ እንዲተርፍ አይደለም፤ ሰውየው ጨው ሲጭን እንዳገኘው ነው።

ዶሎ ስንደርስ በዳስ ሥር ሻይ የምትሸጥ አንዲት ሶማሌ ሴትዮ አማርኛ ትሞክር ነበርና፣ መልኩን ነግረን ጠየቅናት።

«እሱ? የጥር ሰውዬ!» አለች እየሳቀች። «በየዓመቱ ይመጣል። አይሸጥም፣ አይገዛም። ይተኛል፣ ወንዝ ያያል፣ ቀን ይቆጥራል፣ ይሄዳል። ምን ሆኖ ነው? በሽታ አለው?»

ባሻ ወንዙ በየት በኩል እንደሆነ ጠየቋት።

ወንዙ ዳር፣ ከዛፍ ጥላ ሥር፣ ጫማውን አውልቆ ተቀምጦ አገኘነው። በአጠገቡ ጆንያ የለ፣ ቆዳ የለ፣ ሚዛን የለ። እኔን ሲያይ አልተነሣም። ፊቱ ላይ ድንጋጤ ጠበቅሁ፤ ያየሁት መሰልቸት ነው።

«አበ ልጅ» አለ፣ «ለአራት መቶ ብር ይህን ሁሉ መንገድ?»

«ጨው ጭነዋል?»

«ዘንድሮ ገበያው ጥሩ አይደለም።»

«አምናስ?»

ወደ ወንዙ አየ። «ውሉን ያስጻፉት እርስዎ ነዎት። እኔ አንድ ቃል አልጨመርሁም፣ አንድ ቃል አልቀነስሁም። ልብዎ ካዘነ በራስዎ ይዘኑ።»

እውነቱን ነው። እስከ ዛሬ የሚያቃጥለኝም ይህ ነው። የሰረቀኝ ሰው ቢሆን ከስሼ እረካ ነበር። እርሱ ግን ሞኝነቴን ገና ከአፌ ስትወጣ አይቶ፣ ፈገግ ብሎ፣ ሰባት ዓመት በላት። ሊያርመኝ የሚችለው አንድ ቃል ነበር። ልጄን ታቅፎ ስለ ልጄ ሰይጣንን ክጃለሁ ብሎ በቄስ ፊት የመለሰ ያ አፍ፣ ያችን አንድ ቃል ለእኔ ነፈገኝ።

ብሩን ፈትቼ አስቆጠርሁት። ባሻ በውሉ ጀርባ ላይ ተቀብያለሁ ብለው ጽፈው አስፈረሙት። ከዚያ ጫማውን እየፈለገ «በሉ ሻይ ልጋብዛችሁ፤ ደክማችኋል» አለን።

«ተወን ወንድሜ» አሉት ባሻ። «የዚህን ሰው ሻይ ቤት ሰባት ዓመት ጠጥተኸው አልጠገብህም?»

በሁለተኛው ቀን ማታ ነገሌ ገባን።

ተከራይዋ በወሩ መጨረሻ ለቀቀች። ቁልፉን ይዤ ወደ ጓሮ ሄድሁና ለሚስቴ ሁሉንም ነገርኋት፤ የዶሎውን፣ የኪራዩን፣ በመላጊያ ያጠፋሁትን ሒሳብም ሳይቀር። ሳንቃ አምጣ አለችኝ። አመጣሁ። እንደገና ጻፈው አለችኝ። እያነበብሁላት ጻፍሁ፤ አንድ ሺህ ሰባት መቶ ሃያ ስምንት።

«ይኸው ነው?» አለች።

«ኖራውና ምስማሩ፣ ሁለቱ ቆርቆሮም አለ።»

«የእኔስ?»

አልገባኝም።

«ከሻይ ቤቱ በቀን አንድ ብር ይተርፈኝ ነበር፤ እሑድና በዓል ሲቀር። ጻፈው።»

ፊደል የማታውቅ ሴት ሰባት ዓመት በልቧ ይዛው ኖራለች። እሑዱንና በዓሉን አውጥቼ በዓመት ሦስት መቶ አልሁ፤ በሰባት ዓመት ሁለት ሺህ አንድ መቶ። ከኪራዩ ይበልጣል። እኔ ሒሳብ አዋቂው፣ ትልቁን ዕዳ ጨርሶ አልጻፍሁትም ነበር። አበ ልጄ ውሉን ሳስጽፍ አንድ ቃል ነፈገኝ ብዬ አለቀስሁ፤ እኔም ከመፈረሜ በፊት ለእርሷ አንድ ቃል ነፍጌአት ነበር። ከሁለታችን ማን እንደሚብስ እግዚአብሔር ይወቅ።

«ልብስ ያጠብሁበትን ቀንሰው» አለች። «ሐሰት አልወድም።»

እጇን አየሁት። በሳሙናና በሶዳ የተሰነጣጠቀ እጅ ነበር። አልቀነስሁም።

ሻይ ቤቱ ተከፈተ፤ ግን እንደ ድሮው አልሆነም። በሰባት ዓመት ውስጥ ከመንገዱ ማዶ ሌላ ሰው ሻይ ቤት ከፍቶ ሾፌሮቹ እዚያ ለምደዋል። ከስድስቱ አግዳሚዎች አራቱን በዚያ ክፉ ዓመት አንድደናቸው ነበር። ሌላ አራት ሠራሁላት። ከአበ ልጄ ጋር ቤተ ክርስቲያን እንገናኛለን፤ አንቱ እንባባላለን፤ ልጃችንም በዓመት በዓል እየሄደ ጉልበቱን ይስማል። ልጁ ውል አልፈረመምና አልከለክለውም።

ሳንቃውን የሻይ ቤቱ ቁም ሣጥን በር አደረግሁት፤ ጽሑፉ በውስጥ በኩል ነው። ውሉና ሌላውም ወረቀት ሁሉ እዚያ ውስጥ ነው፤ ቁልፉ በእርሷ አንገት። ከዚያ ወዲህ የምፈርመው ነገር ሲመጣ፣ የእንጨት ውልም ይሁን የልጅ ትምህርት ቤት ወረቀት፣ ሻይ ቤቱ ውስጥ ቆሜ ድምፄን ከፍ አድርጌ አነብላታለሁ። ብርጭቆ እያጠበች ትሰማኛለች። ስጨርስ ሁልጊዜ የምትጠይቀኝ ያንኑ ነው።

«ስንት ጊዜ ነው?»

መልሱን ካላወቅሁት ወረቀቱን አጥፌ ወደ መጣበት እመልሰዋለሁ።